ቪዲዮውን ማን አሰራጨው?

ነገሩ ሁሌም አካሄዱ አንድ ነው። የሆነ ቦታ ግፍ ይፈጸማል። ገዳዮቹ ራሳቸው ይቀርጹታል። ቪዲዮው ቴሌግራም ላይ ይለቀቃል፤ ፌስቡክና ቲክቶክ ይቀባበሉታል፤ ሳይመሽ የቤተሰብ ግሩፕ ውስጥ ይገባል። ከሥሩ ክርክር ይነሳል። አንዱ «ሼር አድርጉት፣ ዓለም ግፋችንን ይይልን» ይላል። ሌላው «ኧረ ለሟች ቤተሰብ እዘኑ፣ አጥፉት» ብሎ ይለምናል። ሦስተኛው «መንግሥት ምን ይጠብቃል? ኢንተርኔቱን ለምን አይዘጋውም?» ይላል። አራተኛው ደግሞ ቪዲዮው የሌላ አገር ነው፣ የቆየ ነው ብሎ ይሟገታል።

በዚህ ሁሉ ሙግት መሀል አንድ ጥያቄ ሳይነሳ ይቀራል። ቀራጮቹ ይህን የቀረጹት ለማን ብለው ነው? ለደጋፊዎቻቸው ብቻ ቢሆን ኖሮ በጓዳቸው ተያይተውት በቃቸው ነበር። አንድ የታጠቀ ጽንፈኛ ቡድን የገዛ ወንጀሉን በገዛ ካሜራው መዝግቦ ለዓለም የሚያቀርበው አከፋፋይ ፈልጎ ነው። አከፋፋዩ ብዙ ጊዜ ደጋፊው አይደለም። ደሙ የፈላው፣ ያዘነው፣ «ጉዳችሁን እዩ» ብሎ የሚልከው ሰው ነው።

ጽንፈኛ ስንል ማንን ነው?

ቃሉ እኛ አገር ክፉኛ ተጎሳቁሏል። መንግሥት ተቃዋሚውን፣ ተቃዋሚው መንግሥትን፣ የአንዱ ብሔር ተከራካሪ የሌላውን «ጽንፈኛ» እያለ ይጠራል። በየጊዜው የሚሰደብበት ሰው ስለሚቀያየር ቃሉ ምንም የማይል ሆኗል።

እዚህ በጠበበ ትርጉም ነው የምንጠቀምበት። አንድን ሕዝብ ወይም የአንድ እምነት ተከታዮችን «አብረውን ሊኖሩ አይገባም» የሚል፣ ለዚህም ሲል ሰላማዊ ሰው መግደልን ትክክል ነው ብሎ የሚሰብክ ቡድን ጽንፈኛ ነው። ሃይማኖተኛም ሊሆን ይችላል፣ ዘረኛም፣ ብሔርተኛም። መንግሥትን አምርሮ የሚተች ጋዜጠኛ ግን በዚህ ትርጉም ውስጥ አይገባም። ይህ ልዩነት ካልተያዘ ከታች የምናነሳቸው ሕጎችና እርምጃዎች በሙሉ መሣሪያነታቸው ለሌላ ዓላማ ይሆናል።

የዳግማ ትንሣኤ ዕለት

ሚያዝያ 11 ቀን 2007 ዓ.ም. እሑድ ነበር። ፋሲካ በዋለ ሳምንቱ፣ ዳግማ ትንሣኤ። በዚያ ዕለት አይ ኤስ የተባለው ቡድን ሊቢያ ውስጥ ያገታቸውን ኢትዮጵያውያን ስደተኞች ሲገድል የሚያሳይ 29 ደቂቃ የሚረዝም ቪዲዮ ለቀቀ። ከሁለት ወር በፊት እዚያው ሊቢያ 21 ክርስቲያኖችን ገድሎ በተመሳሳይ መንገድ አሳይቶ ነበር። ከእነዚያ 20ው የግብፅ ኮፕቶች ናቸው።

የቪዲዮውን ይዘት መዘርዘር አያስፈልግም። አሠራሩን ማየት ግን ይጠቅማል። በአንድ ስልክ ተይዞ የወጣ ነገር አይደለም። በበርካታ ካሜራ ተቀርጿል፣ ተቆራርጦ ተቀናብሯል፣ ተራኪ አለው፣ ጽሑፍ ተለጥፎበታል። ዋናውን ሥራ የሚሠራው ያ ጽሑፍ ነው። ሟቾቹን በስማቸው አይጠራቸውም። የጠላት የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን ወገኖች ይላቸዋል። ባሕር ተሻግረው አውሮፓ ገብተው ለእናታቸው ብር ሊልኩ የወጡ ልጆች፣ በአንድ መስመር ጽሑፍ የአንድ ሃይማኖት ጦር ተወካይ ተደረጉ። አገር ቤት ያለው ክርስቲያን ጎረቤቱን ሙስሊም በክፉ ዓይን እንዲያይ የተጣለ መረብ ነው።

አዲስ አበባ ጨርቆስ ውስጥ የሆነው ደግሞ ለብቻው ሊነገር የሚገባው ነው። መንግሥት «ኢትዮጵያውያን መሆናቸውን እያጣራሁ ነው» ሲል፣ የሰፈሩ ሰው ግን ከሟቾቹ መካከል የራሱን ልጆች ከምስሉ ለይቶ አውቋል። እኛ ዘንድ መርዶ ሥርዓት አለው። ሽማግሌዎችና ዘመዶች ተጠራርተው ሲነጋ ይሄዳሉ። እናቲቱ ደካማ ከሆነች የሚይዛት ሰው አብሮ ይቆማል። ማን እንደሚናገር፣ ምን ብሎ እንደሚጀምር አስቀድሞ ይመከራል። ያ ሁሉ ጥንቃቄ በዚያ ሳምንት ቀረ። መርዶውን የነገረው ስልክ ነው፤ ያረዳውም ገዳዩ ራሱ።

ከዚያ በኋላ የሆነው ግን ቀራጮቹ እንዳሰቡት አልሄደም። ጨርቆስ ድንኳን ተጣለ። ሙስሊሙም ክርስቲያኑም አብሮ ተቀመጠ። ቤተ ክርስቲያን ሟቾቹን ሰማዕታት ብላ ጠራቻቸው፤ ለማዋረድ የተሠራው ምስል በአንድ ቃል ትርጉሙ ተገለበጠ። የእስልምና ጉዳዮች ጠቅላይ ምክር ቤት ድርጊቱን አወገዘ። የ3 ቀን ብሔራዊ ሐዘን ታወጀ። መስቀል አደባባይ በተጠራው ሰልፍ ላይ የሕዝቡ ቁጣ ወደ መንግሥት ዞሮ ፖሊስ አስለቃሽ ጋዝ እስከ መተኮስ ደረሰ። ያም ቢሆን ቁጣው ጎረቤት ላይ አላረፈም።

ስለዚህ አይ ኤስ በአንዱ ተሸነፈ፣ በአንዱ አሸነፈ ማለት ይቻላል። ሰውን በሃይማኖት መለያየቱ አልሆነለትም። ቪዲዮውን እያንዳንዱ ቤት ማስገባቱ ግን ሆኖለታል። ያስገባንለትም እኛው ነን።

200 ያልሞሉ ተመልካቾች

ስርጭት እንዴት እንደሚሠራ በቁጥር በደንብ የታየው ከ4 ዓመት በኋላ ነው፣ ኒው ዚላንድ ውስጥ። እ.ኤ.አ. ማርች 15 ቀን 2019 አንድ ነጭ ዘረኛ ክራይስትቸርች ከተማ ውስጥ ሁለት መስጊዶች ገብቶ ለጁምዓ የተሰበሰቡ 51 ሰዎችን ገደለ። ግንባሩ ላይ ካሜራ አስሮ በፌስቡክ ላይቭ ያስተላልፍ ነበር።

ፌስቡክ በኋላ እንዳስታወቀው ላይቩን በቀጥታ ሲተላለፍ ያዩት ሰዎች 200 አይሞሉም። አንዳቸውም በዚያ ሰዓት ለኩባንያው ሪፖርት አላደረጉም። የመጀመሪያው ሪፖርት የመጣው ላይቩ ከተጀመረ ከ29 ደቂቃ በኋላ ነው። ቪዲዮው እስኪወርድ ድረስ በጠቅላላው 4,000 ጊዜ ያህል ታየ። እዚህ ላይ ቢቆም ኖሮ ዓለም ወሬውን ይሰማ ነበር እንጂ ምስሉን አያይም ነበር።

ግን አንድ ሰው ቀድሞ ገልብጦታል። በቀጣዮቹ 24 ሰዓታት ፌስቡክ ብቻ 1.5 ሚሊዮን ቅጂ አጠፋ። ከዚህ ውስጥ 1.2 ሚሊዮኑ ገና ሲጫን የታገደ ነው። የቀረው 300 ሺው አልፎ ከወጣ በኋላ የተያዘ።

ማገጃው እንዴት እንደሚሠራ ማወቅ ጥሩ ነው። ኩባንያዎቹ ከአንድ ቪዲዮ «ሃሽ» የሚባል ነገር ያወጣሉ። የጣት አሻራ እንደ ማለት ነው፤ ቪዲዮው ወደ አጭር የቁጥርና የፊደል ሰንሰለት ይለወጣል። ያው ቪዲዮ ተመልሶ ሲመጣ አሻራው ስለሚመሳሰል ማሽኑ ይይዘዋል። ፌስቡክ፣ ማይክሮሶፍት፣ ትዊተርና ዩቲዩብ እ.ኤ.አ. በ2017 የጋራ መድረክ አቋቁመው እነዚህን አሻራዎች ይለዋወጣሉ። ጉዳዩ አሻራው የሚሳሳት መሆኑ ነው። ዳር ዳሩን ቁረጠው፣ ቀለሙን ቀይረው፣ ከቴሌቪዥን ስክሪን ላይ በስልክ ቅዳው፤ ለማሽኑ ሌላ ቪዲዮ ይሆንበታል። የክራይስትቸርቹ ቪዲዮ ከ800 በላይ በሆነ የተለያየ መልክ ወጥቷል። ሁሉንም የሠሩት ደጋፊዎች አይደሉም። ዜና አድርገው ያቀረቡት አሉ፣ ለማውገዝ የለጠፉት አሉ፣ እንዲያው ለጉድ የላኩት አሉ።

የኒው ዚላንድ ምላሽ ይህን የተረዳ ይመስላል። ጠቅላይ ሚኒስትሯ ጃሲንዳ አርደርን ገዳዩ ዝና ፈልጎ ነውና ስሙን ከአፌ አትሰሙም አሉ። የአገሪቱ ሳንሱር ኃላፊ ቪዲዮውን ከለከለ፤ ማሰራጨቱ እስከ 14 ዓመት የሚያስቀጣ ሆነ። አምስት ትልልቅ የአገሪቱ መገናኛ ብዙኃን በፍርድ ሂደቱ ወቅት የገዳዩን ፕሮፓጋንዳ ላለማስተጋባት ተስማሙ። እ.ኤ.አ. በሜይ 2019 አርደርንና የፈረንሳዩ ፕሬዚዳንት ማክሮን ፓሪስ ላይ መንግሥታትንና ኩባንያዎችን ሰብስበው «የክራይስትቸርች ጥሪ» የተባለውን ስምምነት አወጡ።

ለውጥ መጣ? በከፊል። እ.ኤ.አ. በሜይ 2022 አሜሪካ በፋሎ ውስጥ አንድ ዘረኛ 10 ጥቁሮችን ሱፐርማርኬት ውስጥ ሲገድል ትዊች በተባለ የቀጥታ ቪዲዮ ማሰራጫ ላይቭ ላይ ነበር። ትዊች ሁለት ደቂቃ ሳይሞላ ቆረጠው። ያዩት 22 ሰዎች ናቸው። ከእነሱ አንዱ የያዘው ቅጂ ሌላ የቪዲዮ ድረ ገጽ ላይ ወጥቶ እስኪወርድ ከ3 ሚሊዮን ጊዜ በላይ ታየ።

ከአደባባይ ወደ ጓዳ

የግፍ ቪዲዮ ለአደባባይ ነው። ምልመላ ግን ሌላ መልክ አለው። የሚጀምረው ከጥይት አይደለም። ቲክቶክ ላይ ከምትታይ አጭር፣ ቀልድ ወይም መንዙማ ወይም መዝሙር ወይም የጀግና ፎቶ ካላት ነገር ይጀምራል። ከሥሯ «ሙሉውን ቴሌግራም ላይ ታገኙታላችሁ» የሚል ሊንክ አለ። ቻናሉ ከአንዱ ግሩፕ ያገናኛል። ግሩፑ ውስጥ ደግሞ አንድ ሰው በግል ይጽፋል። «ሰላም ነህ ወንድሜ? ዛሬ ድምፅህ ጠፋ። ሥራ አገኘህ?» ለሥራ አጥ ልጅ፣ ወይም ሰው አገር ብቻውን ለሚያድር ስደተኛ፣ ይህን የሚጠይቀው ሌላ ሰው ላይኖር ይችላል። ርዕዮቱ የሚመጣው ቆይቶ ነው። መጀመሪያ የሚመጣው «አይዞህ» ነው።

ወደዚያ ጎዳና የሚመራው ማነው የሚለው ያከራክራል። ብዙ ሰው አልጎሪዝምን ይከሳል። አልጎሪዝም ማለት ኩባንያው ቀጥሎ ምን እንደሚያሳየን የሚወስንበት የስሌት ቀመር ነው። የሚለካው ምን ያህል እንደቆየንና ምን ያህል እንደነካካን ነው፤ ንዴት ደግሞ ጣትን ሥራ አያስፈታም። ፌስቡክ ራሱ እ.ኤ.አ. በ2016 በውስጡ ባደረገው ግምገማ ጽንፈኛ ግሩፖችን ከተቀላቀሉት ውስጥ 64 በመቶው የተቀላቀሉት በኩባንያው ምክረ ሐሳብ ነው የሚል ግኝት ነበረው። ይህ ይፋ የወጣው በ2020 በጋዜጣ ነው።

በሌላ በኩል እ.ኤ.አ. በ2023 «ሳይንስ አድቫንስስ» በተባለ መጽሔት የወጣ የአሜሪካ ጥናት ዩቲዩብን አይቶ ለየት ያለ ውጤት አግኝቷል። ጽንፈኛ ቻናል የሚያዩት በአብዛኛው አስቀድሞም በዘር ጥላቻ የተያዙ ሰዎች ናቸው። ቻናሉን ራሳቸው ሰብስክራይብ አድርገው ወይም ከሌላ ቦታ በሊንክ መጥተው ነው የሚያዩት። ምንም የማያውቅ ሰው በአልጎሪዝም ተጎትቶ ሲገባ ብዙም አልታየም።

ሁለቱ ግኝቶች የሚጋጩ ይመስላሉ። የጊዜ ልዩነት አለ፤ ዩቲዩብ ከ2019 ወዲህ ምክረ ሐሳቡን ቀይሬያለሁ ይላል። ግሩፕና ቪዲዮም አንድ አይደሉም። ለእኔ የሚያሳምነው ማሽኑ ጥላቻን ከባዶ አይፈጥርም፤ ያለውን ግን አሰባስቦ ያስተዋውቀዋል የሚለው ነው። ድሮ በየሰፈሩ ለብቻው ይብሰለሰል የነበረ ሰው ዛሬ ሺህ መሰሉን በአንድ ምሽት ያገኛል።

ማሽኑ ያልገባው አማርኛ

የቪዲዮ አሻራ ቋንቋ አይለይም፤ ጽሑፍን በማሽን ማጣራት ግን በአብዛኛው እንግሊዝኛን ታሳቢ ያደረገ ነው። በእኛ ቋንቋ ነገሩ ይከብዳል። «ዓለም» የሚለውን ቃል ብቻ ውሰዱ። ዓለም፣ አለም፣ ዐለም፣ ኣለም ተብሎ ይጻፋል፤ ቸኩሎ በእንግሊዝኛ ፊደል የሚጽፈውም ብዙ ነው። ሀ፣ ሐ፣ ኀ፤ ሰ፣ ሠ፤ ጸ፣ ፀ እየተቀያየሩ አንድ የስድብ ቃል አምስት ስድስት መልክ ይኖረዋል። አንዱን ቃል ማገድ ሌላውን አያግድም።

ከዚያ ሰምና ወርቁ አለ። «ክረምቱ ገብቷል፣ አረሙ በዝቷል፣ እንንቀል» የሚል ፖስት የግብርና ምክር ሊሆን ይችላል። የጻፈው ማን እንደሆነ፣ የትኛው ወረዳ ላይ ምን በተፈጠረ ማግስት እንደተጻፈ ለሚያውቅ ግን ሌላ ነው። ኮሜንት የሚሰጡት ሁሉ ይገባቸዋል። ማሽኑ አይገባውም። ቋንቋውን በትምህርት ያወቀ የውጭ ሠራተኛም ላይገባው ይችላል።

የፌስቡክ የቀድሞ ሠራተኛ ፍራንሲስ ሃውገን እ.ኤ.አ. በኦክቶበር 2021 ለአሜሪካ ሴኔት ስትመሰክር ኢትዮጵያን በስም ጠቅሳ የኩባንያው አሠራር የብሔር ግጭትን ያራግባል ብላለች። በ2022 መጨረሻ ደግሞ ናይሮቢ ውስጥ የፌስቡክ ባለቤት በሆነው በሜታ ላይ ክስ ቀረበ። ከከሳሾቹ አንዱ አባቱ በፌስቡክ የጥላቻ ፖስቶች ዒላማ ከተደረጉ በኋላ የተገደሉ ኢትዮጵያዊ ነው። ሜታ በበኩሉ የጥላቻ ንግግር ከደንቡ ውጭ መሆኑንና የአገሪቱን ቋንቋ የሚያውቁ ሠራተኞች እንዳሉት ይናገራል። የኬንያ ከፍተኛ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በኤፕሪል 2025 ጉዳዩን የማየት ሥልጣን አለኝ ብሎ ወስኗል። ውሳኔው ስለ ሥልጣን እንጂ ስለ ጥፋተኝነት አይደለም። ቢሆንም አንድ የአሜሪካ ኩባንያ በአማርኛ ለተጻፈ ነገር አፍሪካ ውስጥ ችሎት ሊቆም እንደሚችል አሳይቷል።

ብንዘጋውስ?

በየግጭቱ የሚነሳው ጥያቄ ይህ ነው። ኢትዮጵያ ደጋግማ ሞክራዋለች። ሰኔ 22 ቀን 2012 ዓ.ም. አርቲስት ሃጫሉ ሁንዴሳ ሲገደል በማግስቱ ኢንተርኔት በመላ አገሪቱ ተቋረጠ፤ ሦስት ሳምንት ያህል ቆየ። ደጋፊዎቹ የጥሪና የቅስቀሳ መንገድ ተዘግቶ እሳቱ እንዲበርድ ጊዜ ተገኘ ይላሉ። ይህ እንዲሁ የሚጣል ክርክር አይደለም። ተቺዎቹ ደግሞ ግድያውና ዘረፋው ኢንተርኔት በሌለባቸው ቀናት መቀጠሉን ያነሳሉ። ወሬ በስልክና በአፍ ይሄዳል፣ የሚያስተባብል ግን የለም። ውጭ አገር ያለው ሰው ዘመዱን ማግኘት ሲያቅተው ያገኘውን ወሬ ሁሉ አምኖ መልሶ ያሰራጫል።

ጎረቤታችን ሶማሊያ የምታስተምረው ለየት ይላል። አልሸባብ እ.ኤ.አ. በሴፕቴምበር 2013 ናይሮቢ ዌስትጌት የገበያ ማዕከል ውስጥ 67 ሰዎች ሲገድል በትዊተር በእንግሊዝኛ ሰዓት በሰዓት ይዘግብ፣ በኬንያ መንግሥት ላይም ያላግጥ ነበር። አካውንቱ ሲዘጋ ሌላ ይከፍታል። የኬንያ ባለሥልጣናት እርስ በርሱ የሚጣረስ መግለጫ ሲሰጡ ሰዉ መረጃ ፍለጋ ወደ ገዳዮቹ ገጽ ሄደ። አራት ወር አልሞላም፣ ይኸው አልሸባብ ለሶማሊያ የቴሌኮም ኩባንያዎች ትእዛዝ አወጣ፦ የሞባይል ኢንተርኔትን በ15 ቀን ውስጥ ዝጉ። ለራሱ ትዊተር፣ ለሕዝቡ ጨለማ። ሰዉ ስልክ ይዞ መረጃ ሊሰጥበትና ሊያነጻጽርበት እንደሚችል ገብቶታል።

አካውንት ለይቶ ማጥፋትስ? ትዊተር እ.ኤ.አ. ከ2015 አጋማሽ እስከ ኦገስት 2016 ድረስ ሽብርን በማስተዋወቅ 360 ሺህ አካውንት መዝጋቱን አስታውቋል። የአይ ኤስ ሰዎች ወደ ቴሌግራም ተሰደዱ። በኖቬምበር 2019 ቴሌግራምም ከአውሮፓ ፖሊስ ተቋም ዩሮፖል ጋር ተባብሮ በሰፊው ጠረጋቸው። «ጠፉ» ማለት አይቻልም። የሚያገኟቸው ሰዎች ቁጥር ግን እያነሰ ሄዷል፤ አደባባይ የነበረ ሱቅ ጓሮ ሲገባ ደንበኛው ይቀንሳል። እንከኑ ጓሮ የቀሩት ይበልጥ የከረሩት መሆናቸው ነው።

በሕግ በኩል እኛ አዋጅ ቁጥር 1185/2012 አለን። የጥላቻ ንግግርን እስከ 2 ዓመት፣ ጥቃት ካስከተለ እስከ 5 ዓመት በሚደርስ እስራት ያስቀጣል። ማኅበራዊ ሚዲያዎች ጥቆማ በደረሳቸው በ24 ሰዓት ውስጥ ይዘቱን ለማንሳት እንዲጥሩም ይጠይቃል። የመብት ድርጅቶች ትርጉሙ ሰፊ ስለሆነ ተቺን ዝም ለማሰኘት ያመቻል ብለው ከመጀመሪያው ሰግተዋል። ከላይ ያነሳነው የ«ጽንፈኛ» ቃል መጎሳቆል እዚህ ላይ ዋጋ ያስከፍላል።

ማስረጃውስ?

«አታሰራጩ» ለሚለው ሰው ጠንካራ መልስ አለ። ካልታየ ይካዳል። ብዙ ኢትዮጵያዊ በቅርብ ዓመታት ጦርነቶች የደረሰበት ይኸው ነው፤ የደረሰበትን ሲናገር ውሸት ነው ይባላል፤ ምስል ሲወጣ ብቻ ይሰማል።

ምስል ማስረጃ ሆኖ ሲሠራ ታይቷል። ዓለም አቀፉ የወንጀል ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በኦገስት 2017 በሊቢያዊው የጦር አዛዥ ማሕሙድ አል ወርፈሊ ላይ የእስር ማዘዣ ሲያወጣ በዋናነት የተመረኮዘው ማኅበራዊ ሚዲያ ላይ በወጡ ሰባት ቪዲዮዎች ላይ ነው። በዚያው ዓመት ዩቲዩብ ጽንፈኛ ይዘትን በማሽን ሲያጸዳ ሶሪያውያን የጦር ወንጀል የመዘገቡባቸውን በርካታ ቪዲዮዎችና ቻናሎች አብሮ ጠርጎ ወሰደ። በኋላ የተመለሱ አሉ፣ ያልተመለሱም አሉ።

ግን ማስቀመጥና ማሰራጨት ለየቅል ናቸው። አቃቤ ሕግ የሚፈልገው ዋናውን ፋይል ነው፤ መቼና የት እንደተለቀቀ፣ በማን። ከአሥር ግሩፕ አልፎ የመጣ፣ ሙዚቃ የገባበት፣ የቻናል ማኅተም የተለጠፈበት ቅጂ ለማስረጃነት ዋጋው ይወርዳል። ሊንኩን፣ ቀኑንና የመጀመሪያውን ቅጂ ይዞ ለሚመረምር አካል መስጠት ፍትሕን ያግዛል። ለአክስት ልጅ መላክ የሚያግዘው ምኑን ነው?

ሰፈርተኛው ሲመልስ

መንግሥታት ራሳቸው «መልሰን እንሰብካለን» ብለው ሲገቡ ብዙ ጊዜ አልተሳካላቸውም። የአሜሪካ ውጭ ጉዳይ መሥሪያ ቤት እ.ኤ.አ. በ2013 እና በ2014 ትዊተር ላይ ከአይ ኤስ ደጋፊዎች ጋር ሙግት ገጥሞ ነበር። ውጤቱ መሳቂያ መሆን ነው። ማንም የማያውቀው ልጅ ከልዕለ ኃያል መንግሥት ጋር ሲከራከር ከፍ ያለው ልጁ ነው።

በዚያው አገር፣ ብዙ ሶማሌዎች በሚኖሩባት ሚኒያፖሊስ፣ ነገሩ በሌላ ሰው እጅ ሌላ መልክ ያዘ። ከዚያች ከተማ እ.ኤ.አ. ከ2007 ጀምሮ ከ20 በላይ ወጣቶች አልሸባብን ሊቀላቀሉ ሄደዋል። የነዳጅ ማደያ ሥራ አስኪያጅ የነበረ አንድ የሶማሊ ተወላጅ በራሱ ገንዘብ አጫጭር የካርቱን ፊልሞች መሥራት ጀመረ። ገጸ ባሕሪው ተራ ሰው ነው፤ ይሠራል፣ ይጸልያል፣ ልጅ ያሳድጋል፣ ለልጆችም ቀላል ጥያቄ ይጠይቃል። ቋንቋውን፣ ሃይማኖቱንና ቀልዱን የሚያውቅ ሰው ስለሆነ ተሰማ።

የስዊድኗ ጋዜጠኛ ሚና ደነርት እ.ኤ.አ. በ2016 የጀመረችው ሌላ ነው። የግሩፑ ስም በአማርኛ «አለሁ» እንደ ማለት ነው። አባላቱ በጥላቻ የተጥለቀለቀ የዜና ኮሜንት ሥር ይገባሉ። አይሳደቡም። በጨዋ ቋንቋ፣ በመረጃ ይጽፋሉ፤ ከዚያ እርስ በርስ ላይክ ይደራረጋሉ። ፌስቡክ ላይክ የበዛበትን ኮሜንት ወደ ላይ ስለሚያወጣው ጥላቻው ወደ ታች ይወርዳል። ጠላት የሚጠቀምበትን ቀመር መልሶ መጠቀም ነው። «ይህም መንጋ አይደለም ወይ?» የሚሉ አሉ፤ ተደራጅቶ ሐሳብን ወደ ላይ መግፋት በማንም እጅ ሊገባ ስለሚችል ተገቢ ጥርጣሬ ነው።

እኔን የሚያስቀኝ ግን የቩንዚደል ነገር ነው። ቩንዚደል ጀርመን ውስጥ ያለች ትንሽ ከተማ ናት። የሂትለር ምክትል የነበረው ሩዶልፍ ሄስ መቃብሩ እዚያ ስለነበር አዳዲስ ናዚዎች በየዓመቱ ሰልፍ ይወጡባታል። እ.ኤ.አ. በ2011 መቃብሩ ተነሳ፤ እነሱ ግን መምጣት አልተዉም። መከልከል፣ መቃወም፣ መሳደብ ሁሉ ተሞከረ። በኖቬምበር 2014 የከተማው ሰው ሌላ ዘዴ አሰበ። ናዚዎቹ ለሚራመዱት ለእያንዳንዱ ሜትር 10 ዩሮ፣ ሰዎችን ከናዚነት ለሚያወጣ ድርጅት ይሰጣል አሉ። መንገዱ ላይ ቀለም ቀብተው እስከዚህ ስንት እንደተሰበሰበ ጻፉ። እንዳይደክማቸው ሙዝ አቀረቡላቸው። መጨረሻ ላይ የምስጋና ባነር ዘረጉላቸው። ሰልፈኞቹ ቢቆሙ ተሸነፉ፣ ቢራመዱ 10 ሺህ ዩሮ ለጠላታቸው። የዚያ ሰልፍ ቪዲዮ በኢንተርኔት ዓለምን ዞረ። ሼር የተደረገው ግን የናዚዎቹ መፈክር ሳይሆን የሙዙ ጠረጴዛ ነው።

ወደ ቤተሰብ ግሩፕ እንመለስ። አዲስ አበባ ያለች እናት፣ ሪያድ ያለች ልጅ፣ ሜሪላንድ ያለ ወንድም አንድ ላይ የተሰበሰቡበት። አንዱ ሲተኛ ሌላው ስለሚነቃ ማታ የተላከ ነገር ጠዋት ሁሉም ስልክ ላይ አለ። ስልኩ ቪዲዮ በራሱ እንዲያወርድ ከተደረገ ደግሞ የ8 ዓመት ልጅ ጌም ሊጫወት ሲከፍተው ፎቶ ማኅደሩ ውስጥ ያገኘዋል። እዚህ ላይ ሕግም አልጎሪዝምም ሩቅ ናቸው፤ ቅርብ ያለው አድሚኑ ነው።

ዋትስአፕ በኤፕሪል 2020 አንዲት ትንሽ ለውጥ አድርጎ ነበር። ብዙ ጊዜ የተላለፈ መልእክት በአንድ ጊዜ ለአንድ ሰው ወይም ግሩፕ ብቻ እንዲላክ ገደበ። ምንም አላጠፋም፣ ማንንም አላገደም። ሊልክ የፈለገ አሁንም ይችላል፤ አንድ በአንድ እየነካ። ኩባንያው እንዳለው እንዲህ ያሉ መልእክቶች 70 በመቶ ቀነሱ። የእኛ ሰው ግን የሚውለው ቴሌግራም ላይ ነው፤ እዚያ እንዲህ ያለ ገደብ የለም። የግሩፑ ባለቤት ከፈለገ ግን ከግሩፑ ውስጥ ምንም ነገር ወደ ሌላ እንዳይተላለፍ መዝጋት ይችላል። ቅንብሩ ውስጥ ነው ያለው፣ አንድ ጊዜ መንካት ነው።